«ሄ ሜሌ ኖ ሊሎ»፦ የነገሥታት ስም በፊልም ዜማ ውስጥ

እ.ኤ.አ. በ2002 ለዕይታ በበቃው የዲዝኒ ፊልም «ሊሎ እና ስቲች» ውስጥ የሚሰማው የ«ሄ ሜሌ ኖ ሊሎ» መዝሙር ደራሲዎች ሁለት እንደሆኑ መዝገቡ ይናገራል፤ የፊልም ሙዚቃ ቀማሪው አለን ሲልቬስትሪ እና የሁላ (በዝማሬ የሚታጀበው የሃዋይ ባህላዊ ውዝዋዜ) መምህሩ ማርክ ኬአሊኢ ሆኦማሉ። ይህ እውነት ነው፤ ሙሉ እውነት ግን አይደለም። ቃላቱን ከሥር መሠረታቸው ስንመረምር ለንጉሥ ካላካዋና ለእኅቱ ለንግሥት ሊሊኡኦካላኒ ከተደረሱ ሁለት ነባር ዝማሬዎች የተውጣጡ ሆነው እናገኛቸዋለን።

የሃዋይ ሰዎች እንዲህ ያለውን ድርሰት «ሜሌ ኢኖአ» ይሉታል፤ የስም ዝማሬ ማለት ነው። በልማዱ መሠረት ዝማሬው ስሙ ለተወደሰበት ሰው የሚበረከት ስጦታ በመሆኑ፣ ከደራሲው ይልቅ የባለስሙ ንብረት ሆኖ ይኖራል።

ዝማሬዎቹ እንዴት ከዘመናችን ደረሱ? በተለምዶ የሚተረከው፣ በ1820 የመጡት ሚስዮናውያን ያሳደሩት ተጽዕኖ በ1830 ንግሥት ካአሁማኑን የአደባባይ ሁላ እንድትከለክል እንዳደረጋት፣ ጥበቡም ካላካዋ በ1883 ዘውድ እስከጫነበት በዓል ድረስ ጠፍቶ እንደቆየ ነው። ይህን ትረካ እንዳለ ለመቀበል እንቸገራለን። በ1859 የወጣው ሕግ ለሕዝብ የሚቀርብ ሁላ ፈቃድ እንዲወጣበት ያዝዛልና፤ የጠፋ ነገር ደግሞ ፈቃድ አይደነገግለትም። ስለዚህ ካላካዋ የሞተውን አላስነሣም፤ የተገደበውን ወደ ቤተ መንግሥት አደባባይ አወጣ እንጂ። ያም ቢሆን ያለ ዋጋ አልሆነም፤ የበዓሉን የሁላ መርሐ ግብር ማተም ራሱ በጸያፍነት ክስ አስነሥቷል። አሥር ዓመት ሳይሞላ፣ በጥር 1893፣ ንግሥት ሊሊኡኦካላኒ ከዙፋኗ ተወገደች።

በፊልሙ መዝሙር ባለቤትነት ላይ የተነሣው ክርክር ከዚህ ታሪክ ተነጥሎ ሊታይ አይችልም። የቅጂ መብቱ በዲዝኒ የሙዚቃ ድርጅት ስም መሆኑ ብዙ ሃዋያውያንን አስቆጥቷል። በሌላ በኩል፣ ፊልሙ ዝማሬውን ለአዲስ ትውልድ አሰምቷል የሚሉት ወገኖች ክርክርም ቀላል አይደለም፤ የዘመሩት የካሜሃሜሃ ትምህርት ቤቶች የሕፃናት መዘምራን ናቸውና፣ እነዚህም ትምህርት ቤቶች በልዕልት ፓዋሂ ኑዛዜ ለሃዋይ ልጆች የተቋቋሙ ናቸው። የሲልቬስትሪና የሆኦማሉ ቅንብር አዲስ የፈጠራ ሥራ መሆኑንም አንክድም።

እኛ ሁለቱን ወገኖች መዝነን የምንደርስበት ፍርድ ይህ ነው፦ ቅንብሩ የሁለቱ ሰዎች ነው፤ ቃላቱ ግን አይደሉም፤ ይህንንም የፊልሙ መዝገብ በግልጽ ሊጽፈው ይገባ ነበር። የመዝሙሩ ርእስ «ዝማሬ ለሊሎ» ቢልም፣ ሕፃናቱ በውስጡ የሚጠሩት የካላካዋንና የንግሥቲቱን ስም ነው።