የቼኮስሎቫኪያ አብራሪዎች ዜና

በፈረንጆች አቆጣጠር በ1939 ዓመት፣ በመጋቢት ወር፣ ሂትለር ፕራግ ገባ። ያን ጊዜ የቼኮስሎቫኪያ አየር ኃይል ሰዎች ድንበር እየሾለኩ ተሰደዱ፤ ብዙዎቹም ፈረንሳይ ገቡ፤ ፈረንሳይም በወደቀች ጊዜ ባሕር ተሻግረው እንግሊዝ ገቡ። ቁጥራቸው ወደ 2,500 ይጠጋ ነበር። አለቃቸው ካሬል ያኑሼክ በ1945 የአየር ማርሻል ተባለ፤ ከወገኖቹ ለዚህ የእንግሊዝ ማዕረግ የበቃ ሌላ የለም። ሚስቱ ግን ኦሽዊትዝ ሞታ ቆየችው።

ከእነርሱም ዮሴፍ ብሪክስ የሚባል ነበር። በ1941 አውሮፕላኑ ተመትቶ ተማረከ። ዘመዶቹ በናዚ እጅ ነበሩና ስሙን ለውጦ «እንግሊዛዊ ነኝ፣ ሪክስ እባላለሁ» አለ። በ1943 ፖላንድ ካለው የምርኮኞች ሰፈር እዳሪ በሚያወጣ ጋሪ ውስጥ ተደብቆ አመለጠ። ዋርሶ ገብቶ ከፖላንድ አርበኞች ጋር ሳለ ዳግመኛ ተያዘ፤ በኮልዲትዝ ግንብም ታስሮ እስከ 1945 ሚያዝያ፣ አሜሪካኖች እስኪደርሱ ድረስ፣ ቆየ።

በዚያው ዓመት በነሐሴ ወር ጓዶቹ ፕራግ ገቡ፤ ሕዝቡም በደስታ ተቀበላቸው።

በ1948 የካቲት ኮሙኒስቶች መንግሥቱን ያዙ። ከእንግሊዝ የተመለሰ ሁሉ በሰላይነት ተጠረጠረ፤ ከሠራዊት ተባረረ፤ ብዙውም ታሰረ። «ከሞስኮ ጎን አልተሰለፉም» እንዳይባል፣ ፍራንቲሼክ ፋይትል በ1944 ወደ ሶቪየት ተሻግሮ በናዚ ላይ ለተነሣው የስሎቫኮች አመፅ የተዋጊ አውሮፕላኖች ሬጅመንት መርቷል። እርሱንም ሚሮቭ ወህኒ አገቡት። እንግዲህ ምክንያቱ ፍርሃት ነበር እላለሁ፤ ዓለምን አይቶ የመጣና ጦር መሣሪያ የሚያውቅ ሰው ለአዲስ ገዢ አይመችም።

ብሪክስ በ1949 10 ዓመት ተፈረደበት፤ በወህኒም ሳለ 20 ዓመት ጨመሩበት። እንግሊዛዊት ሚስቱ ሕፃን ልጃቸውን ይዛ ወደ አገርዋ ሄዳ ነበር። እርሱን ግን ለሶቪየት የሚላከው ዩራኒየም ወደሚቆፈርበት ወደ ያኺሞቭ ወሰዱት። ከጀርመን ሰፈር ለማምለጥ ደጋግሞ የሞከረው ሰው በ1957 ነሐሴ፣ በ41 ዓመቱ፣ እዚያው እስረኛ ሆኖ ልቡ ቆሞ ሞተ። የአስከሬኑ አመድ ፕራግ መቀበሩ የታወቀው በ2009 ነው።

ያኑሼክም ሊኮበልል ሲል ተይዞ 18 ዓመት ተፈረደበት፤ በ1960 በምሕረት ወጣ፤ በ1971 ሞተ። የኮሙኒስቶቹ መንግሥት ከፈረሰ በኋላ፣ በ1991፣ የጦር ሠራዊት ጄኔራልነት ማዕረግ ተሰጠው።