በሥር ፍርድ ቤት ፍርድና ትእዛዝ ላይ የሚቀርብ ይግባኝ

በፍትሐ ብሔር ጉዳይ በሥር ፍርድ ቤት የመጨረሻ ፍርድ ቅር የተሰኘ ወገን ፍርዱ በተሰጠ በ60 ቀናት ውስጥ ለበላይ ፍርድ ቤት ይግባኝ ማቅረብ የሚችል ሲሆን፣ ከይግባኝ ማመልከቻው ጋር የፍርዱን ግልባጭ ማያያዝ ይኖርበታል። ጊዜው ያለፈበት ወገን በቂ ምክንያት ካለው የማስፈቀጃ ጥያቄ ማቅረብ ይችላል፤ ሆኖም የጠበቃው ወይም የወኪሉ ጉድለት እንደ በቂ ምክንያት አይቆጠርም።

እንደ ቀጠሮ፣ የመጀመሪያ ደረጃ መቃወሚያና የማስረጃ ተቀባይነት ባሉ ጉዳዮች ላይ በክርክር መካከል በሚሰጥ ትእዛዝ ለብቻው ይግባኝ አይባልም፤ ቅሬታው በመጨረሻው ፍርድ ላይ ከሚቀርበው ይግባኝ ጋር ተጠቃሎ ይቀርባል። ሰው እንዲታሰር ወይም ንብረት ከአንዱ ወገን ወደ ሌላው እንዲተላለፍ በሚሰጥ ትእዛዝ ላይ ግን ወዲያውኑ ይግባኝ ማለት ይቻላል።

ይግባኝ ሰሚው ፍርድ ቤት ይግባኝ ባዩን ሰምቶ የሥር ፍርዱ ጉድለት የሌለበት መሆኑን ከተቀበለ፣ በፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ ቁጥር 337 መሠረት መልስ ሰጪውን ሳይጠራ ይግባኙን ይሰርዛል። አከራካሪ ነጥብ ካገኘ ግን መልስ ሰጪውን ጠርቶ ግራ ቀኙን ካከራከረ በኋላ ፍርዱን ያጸናል፣ ያሻሽላል ወይም ይሽራል፤ ሕጉ በሚፈቅደው ሁኔታም ጉዳዩን ለሥር ፍርድ ቤት ይመልሳል።

ይግባኝ ማቅረብ ብቻውን የፍርዱን አፈጻጸም አያግድም። በመሆኑም ቤቱ ወይም ሌላ ንብረቱ በሐራጅ ከመሸጡ በፊት አፈጻጸሙ እንዲታገድለት የሚሻ ባለጉዳይ የእግድ ጥያቄውን ለይግባኝ ሰሚው ፍርድ ቤት ሳይዘገይ ማቅረብ ይገባዋል።

የመጨረሻው ውሳኔ መሠረታዊ የሕግ ስህተት አለበት የሚል ወገን ለሰበር ሰሚ ችሎት ማመልከት ይችላል።