ፖሊስ፣ ባንዳና አርበኛ በሰሜን ሸዋ

በአየርላንድ የነጻነት ትግል ዘመን (እ.ኤ.አ. 1919-1921) የእንግሊዝን መንግሥት ያገለግሉ ከነበሩት ፖሊሶች አብዛኞቹ የአገሬው ልጆች ስለነበሩ፣ ሕዝቡ ጎረቤቱንና ዘመዱን ከማኅበራዊ ኑሮው አገለለ። ጉዳዩ ለእኛም እንግዳ አይደለም።

ጠላት በ1928 ዓ.ም. አዲስ አበባን ሲይዝ የከተማይቱ ፖሊስ አዛዥ የነበሩት አበበ አረጋይ፣ አዲሱን ገዥ ከማገልገል ይልቅ አርበኝነትን መርጠው ወደ ሰሜን ሸዋ ወጡ፤ መንዝና መርሐቤቴም የትግላቸው ምድር ሆኑ። ሆኖም ከዚያው አገር፣ አንዳንዴም ከአንድ ቤት፣ ባንዳ ሆኖ የጠላትን ጠመንጃ የተሸከመ ነበር። ሁሉንም በአንድ ስም መጥራት ግን ያሳስታል፤ ለጠላት ያደረ መስሎ ለአርበኛው ጥይትና ወሬ የሚያቀብል የውስጥ አርበኛም ነበርና። የወሬው ዋጋ ምን ያህል እንደነበረ የሚገባን፣ በሚያዝያ 1931 ዓ.ም. በዘረት ዋሻ የተጠለሉት ቁስለኞች፣ ሴቶችና ሕፃናት በመርዝ ጋዝ መጨፍጨፋቸውን ስናስብ ነው።

የአየርላንዱ ፖሊስ በ1922 እ.ኤ.አ. ሲበተን ብዙዎቹ አገር ለቀው ተሰደዱ። በእኛ አገር ግን ከ1933 ዓ.ም. ድል በኋላ ጠላትን ያገለገሉ ብዙዎች ሹመት አገኙ፤ ይህም ለብዙ አርበኞች የዕድሜ ልክ ቅሬታ ሆነ።