ሁለገቡ ካሜራማን

ሐዋሳ ውስጥ አንድ ካሜራማን ቅዳሜ ሙሽሮቹን ፍቅር ሐይቅ ዳር ሲቀርጽ ይውላል፤ በሳምንቱ መሀል የሙዚቃ ክሊፕ ይሠራል፤ የሲዳማ ዘመን መለወጫ ፍቼ ጨምበላላ ሲደርስ ደግሞ ጉዱማሌ አደባባይ ወርዶ የቄጣላውን ጭፈራ ይከተላል። ይህን የሚያዩ ሰዎች ሁሉን የነካካ አንዱንም አልጨበጠም ብለው ይፈርዳሉ። ፍርዱ የቸኮለ ይመስለኛል። የአገራችንን ፊልም ከዳይሬክተሮቹ ወገን ብቻ ስለምናነበው እንጂ፣ ካሜራውን ማን ያዘው ብለን ብንጀምር ታሪኩን ያቆሙት እንዲህ ያሉ ሁለገብ እጆች ሆነው እናገኛቸዋለን።

ዳይሬክተሩ ኃይሌ ገሪማ «ምርት ሦስት ሺህ ዓመት»ን እ.ኤ.አ. በ1974 ሲሠራ፣ ካሜራው ኤሊየት ዴቪስ እጅ ነበር። ፊልሙ በ16 ሚሊ ሜትር በጥቁርና ነጭ የተቀረጸ፣ 150 ደቂቃ የሚፈጅ የገበሬ ሕይወት ታሪክ ነው። ይኸው ሰው እ.ኤ.አ. በ1998 የስቲቨን ሶደርበርግን «አውት ኦፍ ሳይት»፣ በ2008 ደግሞ የወጣቶቹን የቫምፓየር ፍቅር «ትዋይላይት»ን ቀረጸ። ታዲያ የራሱ መልክ የት አለ? ጥያቄው ተገቢ ነው። መልሱን ግን ብርሃኑ ራሱ ይሰጣል። በቀትር ፀሐይ ጋቢ የለበሰ ጠይም ሰው ፊት የቆመ ካሜራማን ለፊቱ ቢያስተካክል ጋቢው ይነድበታል፣ ለጋቢው ቢያስተካክል ፊቱ ይጠቁርበታል። የለመደውን ዘዴ ብቻ ይዞ የመጣ ሰው እዚህ ላይ ይሸነፋል። ማሪዮ ማሲኒም እንደዚሁ ነው። የካርሜሎ ቤኔን ቅዠት መሰል ፊልም እ.ኤ.አ. በ1968 ቀርጿል፤ በ1977 ካን ላይ ወርቃማውን ዘንባባ ያገኘውን የታቪያኒ ወንድማማቾች «ፓድሬ ፓድሮኔ»ንም ቀርጿል። ከዚያ በ2008 በወጣው በኃይሌ ገሪማ «ጤዛ» የኢትዮጵያን ገጠርና የጀርመንን ከተማ በአንድ ፊልም ውስጥ ማኖር ነበረበት። በ«ፓድሬ ፓድሮኔ» እረኛውን የሰርዴኛ ልጅ ቀርጾ የማያውቅ ዓይን የ«ጤዛ»ን ዋና ገጸ ባሕርይ የአንበርብርን መንደር እንዲያ ረጋ ብሎ ያያት ነበር ብዬ አላምንም።

እነዚህ ፈረንጆች ናቸው፣ ስለ እኛ ሙያ ምን ይመሰክራሉ? የሚል አይጠፋም። አብርሃም ኃይሌ ብሩ ይመሰክራል። አዲስ አበባ የተወለደው ይህ ሲኒማቶግራፈር ስሙን ያስጠራው በቻድ ምድር ነው፦ የማሃማት ሳሌህ ሃሩንን «አቡና»ን እ.ኤ.አ. በ2002፣ «ዳራት»ን በ2006 ቀረጸ፤ ዋጋዱጉ በሚካሄደው የፊልም ፌስቲቫል ፌስፓኮ ላይም በሁለቱም የምርጥ ምስል ሽልማትን ወሰደ። ሰሐራ ጫፍ ያለ አቧራና የደጋ ጭጋግ አንድ ቋንቋ አይናገሩም። እሱ ግን የማያውቀውን ብርሃን ተምሮ ተመለሰና አዲስ አበባ ላይ ብሉ ናይል የፊልምና ቴሌቪዥን አካዳሚን አቋቋመ።

ከሁሉ የሚከብደው ተቃውሞ ሌላ ነው። እነዚያ በምርጫቸው ከዘውግ ዘውግ ተዘዋወሩ፣ የሐዋሳውን ልጅ ግን ያዘዋወረው እንጀራ ነው ይባላል። እውነት ነው፤ ቪዲዮ በ1990ዎቹ ዓ.ም. ሴሉሎይድን ተክቶ ሲስፋፋ ብዙ ቀራጭ ሙያውን የለመደው በሰርግ ነው፤ ሰርግ ደግሞ ድገመው አይባልም። ግን ችግር ያስተማረው ትምህርት ትምህርትነቱ አይቀርም። በሙሽራዋ ቬል ላይ የሐይቁ ነጸብራቅ ሲወድቅ ፊቷን ማዳን የቻለ ሰው፣ ጉዱማሌ ላይ በሺህ ሕዝብ መካከል የአንድ ሽማግሌን ገጽ ለይቶ ማውጣት አያቅተውም። ሐዋሳ ራሷ በ1950ዎቹ ዓ.ም. የተቆረቆረች፣ ከኢትዮጵያ ቴሌቪዥን ጋር የአንድ ዘመን ልጅ ናት። የዚችን ከተማ መልክ የሚጽፍ ሰው ከማንኛውም ፊልም ቀድሞ የድሮ የሰርግ ካሴት ቢፈልግ ይሻለዋል፤ ሙሽሮቹ ሲስቁ ከኋላቸው የነበረው የሐይቅ ዳር፣ አሞራ ገደል ላይ የቆሙት አባ ኮዳዎች፣ ገና ሕንጻ ያልሸፈነው የታቦር ተራራ፣ ሁሉም ማንም ሳያዘው እዚያ ተቀርጿል።