ካርቱም፦ የከተማዋ ታሪክ ምርምርና አጻጻፍ

ካርቱም ነጭ ዓባይና ጥቁር ዓባይ የሚገናኙበት የሱዳን ዋና ከተማ ናት። ከኦምዱርማንና ከባሕሪ ጋር ሦስት ሆነው አንድ ሰፊ ከተማ ይሆናሉ። (ዓመታቱ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

የምሥረታው ክርክር

ብዙ መጻሕፍት ከተማዋ በ1821 ተቆረቆረች ይላሉ፤ የግብጹ ገዥ የመሐመድ ዓሊ ጦር ሱዳንን ሲወር እዚያ የሰፈረበት ዓመት ነው። ይህ ዓመት ሥር የሰደደው ወራሪው መንግሥት ጸሐፊና መዝገብ ስለነበረው ይመስላል። የአገሬው ትውፊት በበኩሉ በወንዞቹ መገናኛ ካለችው ከቱቲ ደሴት የተሻገሩ የመሐስ ጎሳ ሰዎች አስቀድመው እንደሰፈሩበት፣ ሼህ አርባብ አል-አቃኢድም በ1691 ገደማ የቁርኣን ማስተማሪያ ኸልዋ እንዳቋቋሙ ያወሳል። መንደር ከተማ አይደለም የሚል ተቃውሞ ይነሳል፤ እውነት አለው። ካርቱምን የመንግሥት መቀመጫ ያደረጋት የቱርክና የግብጽ አገዛዝ ነው፤ ዓሊ ኹርሺድ ፓሻም በ1826 እና በ1838 መካከል ብዙ ገንብተውባታል። ይሁን እንጂ መንግሥት የገባበትን ቀን የሕዝቡ ታሪክ መነሻ ማድረግ ነዋሪውን ከታሪኩ መንቀል ነው። መሬቱ ራሱም ይመሰክራል፦ በ1944 እና 1945 የአርኪዮሎጂ ባለሙያው አርኬል በካርቱም ሆስፒታል አጠገብ ሲቆፍር የጥንት ዓሣ አጥማጆችና አዳኞች ሰፈር አገኘ። በሸክላ ስብርባሪዎቹ ላይ ያለው ሞገድ መሳይ መስመር በአምባዛ ዓሣ እሾህ ሳይጫር አልቀረም ብሏል። ይህ ሰፈር ከዛሬዋ ከተማ ጋር ያልተቋረጠ ትስስር አለው ማለት ግን አይቻልም።

የማኅዲያ ዘመን

ከተማዋ ተከብባ ጥር 26 ቀን 1885 በቱርክና በግብጽ አገዛዝ ላይ በተነሣው የሃይማኖት መሪ በማኅዲ ጦር እጅ ወደቀች፤ መቀመጫውም ወደ ኦምዱርማን ዞረ። የእንግሊዝ ጽሑፎች ከበባውን የእንግሊዛዊው ጄኔራል የጎርደን ሞት ታሪክ አድርገውታል። ማኅዲስቶቹ ግን ደብዳቤና መዝገብ አትርፈዋል፤ የሱዳን ቤተ መዛግብትን የመሩት መሐመድ ኢብራሂም አቡ ሰሊም የማኅዲን ጽሑፎች ሰብስበው ማሳተማቸው ሚዛኑን ለማስተካከል ረድቷል።

ከኢትዮጵያ ጋር

የካርቱም ታሪክ ከኢትዮጵያም ጋር ይያያዛል፦ ዓፄ ኃይለ ሥላሴ በስደት ሳሉ በ1940 ካርቱም ገብተው፣ በጥር 1941 በኦሜድላ በኩል ወደ አገራቸው ተሻግረዋል።

የሰነዶቹ ዕጣ

ሚያዝያ 15 ቀን 2023 በተቀሰቀሰው ጦርነት በ1971 የተከፈተው ብሔራዊ ሙዚየም ተዘርፏል፤ በኦምዱርማን አህሊያ ዩኒቨርሲቲ የመሐመድ ዑመር በሺር የጥናት ማዕከልም ተቃጥሏል። የጽሑፍ ማስረጃ ሲመናመን በየስደቱ ካሉ የቱቲና የኦምዱርማን ሽማግሌዎች ቃል መቀበል ከመዝገብ ፍለጋ እኩል አስቸኳይ ሥራ ሆኗል።