ጮቄን በአንድ ቀን፤ ከሲራራ ነጋዴ እስከ አገር ጐብኚ

ቢቸናና ሞጣ የጮቄ ተራራ ጎረቤቶች ናቸው። ቢቸና ከተራራው በስተ ደቡብ ምሥራቅ፥ ሞጣ ደግሞ በስተ ሰሜን ይገኛሉ፤ ሁለቱም ከባሕር ወለል በላይ ከ2400 ሜትር በሚበልጥ ከፍታ ላይ የተቈረቈሩ የወይና ደጋ ከተሞች ናቸው። ተራራው ግን ለብዙዎቻችን በዐይን እንጂ በእግር የሚታወቅ አይደለም። በጧት ተነሥቶ፥ መሪ ይዞ፥ ጮቄን አይቶ በማታ መመለስ ዛሬ የተማሪና የአገር ጐብኚ ወግ ሆኗል፤ ነገር ግን ይህ ወግ እንዴት እንደ መጣና ከእርሱ በፊት በዚያ ተራራ ማን ይመላለስ እንደ ነበረ የሚጠይቅ ጥቂት ነው። ስለዚህ በዚህ ጽሑፍ የጮቄን ጉዞ ታሪክ ባጭሩ ለመመልከት እንሞክራለን።

በመጀመሪያ ስለ ተራራው ጥቂት ማለት ይገባል። ጮቄ ከ20 ሚሊዮን ዓመት በፊት በእሳተ ገሞራ የተሠራ የቈየ ተራራ ነው። ቅርጹ እንደ ሰሜን ተራሮች ገደላ ገደልና ሹል ሳይሆን እንደ ተደፋ ጋሻ ሰፊና ዘርጠጥ ያለ በመሆኑ፥ የሚወጣው ሰው ከፍ ማለቱን የሚያውቀው በትንፋሹና በብርዱ ነው። ጫፉ 4100 ሜትር ያህል ይደርሳል። ሙጋ፥ ሱሃ፥ ጨሞጋ፥ ጥምጫና ሌሎችም ብዙ ወንዞች ከእርሱ ተነሥተው በየአቅጣጫው ወደ ዓባይ ይወርዳሉ፤ ከሃምሳ የሚበልጡ ወንዞችና ከሁለት መቶ የሚበልጡ ምንጮች ከዚህ ተራራ እንደሚነሡ አጥኚዎች ጽፈዋል። ስለዚህ ጮቄን የዓባይ የውሃ ጋን ቢሉት ማጋነን አይሆንም።

ይህን ተራራ አስቀድሞ ያወቀው ለመዝናናት የወጣ ሰው አልነበረም። ከደቡብ ጐጃም ወደ በጌምድር የሚሻገር ሲራራ ነጋዴ የተራራውን ትከሻ እየታከከ ያልፍ ነበር። በ19ኛው መቶ ዓመት የባሶ ገበያ ከዓባይ ማዶ የሚመጣ ቡና፥ ወርቅና ዝባድ፥ ከሰሜን ደግሞ የሚመጣ አሞሌ ጨው የሚገናኙበት ታላቅ ገበያ ነበረ። ነጋዴው በቅሎውንና አህያውን ጭኖ ሲነሣ የሚያስፈራው ሽፍታ ብቻ አይደለም፤ የደጋው ጭጋግም ነበረ። ጭጋግ በወረደ ጊዜ የጮቄ ሜዳ አንዱ ከአንዱ አይለይም። ስለዚህ የቀየው ሰው መንገድ መሪ ሆኖ ከፊት ይሄድ ነበር። መሪነት በጮቄ የተጀመረው ፎቶግራፍ አንሺ ፈረንጅ ሲመጣ ሳይሆን፥ ከዚያ እጅግ አስቀድሞ ለነጋዴና ለመንገደኛ ሕይወት ሲባል ነው።

ሁለተኛው የተራራው መንገደኛ የቆሎ ተማሪ ነበር። ምሥራቅ ጐጃም የትምህርት አገር ነው። ዲማ ጊዮርጊስና ደብረ ወርቅ በቢቸና በኩል፥ መርጡለ ማርያም ከዚያ ወደ ሰሜን ምሥራቅ፥ ጎንጅም በምዕራብ፥ ሁሉም ከሩቅ አገር ተማሪ የሚጠሩ ደብሮች ነበሩ። ከእነዚህም መርጡለ ማርያም በንግሥት እሌኒ ዘመን በተሠራው ቤተ ክርስቲያን ታሪኳ የታወቀ ነው። ተማሪው ከአንዱ መምህር ቅኔ ቈጥሮ ወደ ሌላው ለመዛወር ደበሎውን ለብሶ፥ አኩፋዳውን አንግቶ፥ የውሻ በትሩን ይዞ ብርዱን እየተቋቋመ ይጓዝ ነበር። ዛሬ «ትምህርታዊ ጉብኝት» የምንለው ነገር አባቱ ማን ነው ቢባል፥ ይህ የቆሎ ተማሪ ጉዞ ነው ብለን መመለስ እንችላለን። ልዩነቱ እርሱ እንጀራውን ከየደጁ እየለመነ ስለሚሄድ የገበሬውን ቤት ከውስጥ ያውቀው ነበር፤ የአሁኑ ተማሪ ግን ምሳውን ቋጥሮ ስለሚወጣ ብዙ ጊዜ የሚያየው ጣራውን ብቻ ነው።

ከውጭ አገር ሰዎች በ19ኛው መቶ ዓመት ጐጃምን ዞረው ካጠኑት አንዱ እንግሊዛዊው ቻርልስ ቢክ ነው። በ1841 እ.ኤ.አ. ከሸዋ ተነሥቶ ዓባይን ተሻገረና እስከ 1843 እ.ኤ.አ. ድረስ በጐጃም ተቀምጦ ወንዙንና ተራራውን በካርታ አሰፈረ። ከእርሱም በኋላ ከ1925 እስከ 1934 እ.ኤ.አ. በሰሜን ምዕራብ ኢትዮጵያ የእንግሊዝ ቆንስል የነበረው ቺዝማን የዓባይን አካሄድ ተከትሎ መረመረ፤ መጽሐፉንም በ1936 እ.ኤ.አ. አሳተመ። እነዚህ ሰዎች ጥናታቸውን የፈጸሙት በአገሬው መሪና በአገሬው በቅሎ ነው። ነገር ግን በመጻሕፍቱ ልባስ ላይ የሚነበበው የጸሐፊው ስም እንጂ የመሪው ስም አይደለም።

እንደ አጋጣሚ ሆኖ፥ ቢክ ወደ ጐጃም በተሻገረበት በዚያው በ1841 እ.ኤ.አ. በሐምሌ ወር፥ ቶማስ ኩክ የሚባል ሰው በእንግሊዝ አገር ወደ 500 የሚሆኑ ሰዎች ሰብስቦ በአንድ ሽልንግ ዋጋ ከሌስተር ወደ ላፍቦሮ በባቡር ወስዶ በዚያው ዕለት መለሳቸው። አሳቡ መጠጥን ለሚቃወም ማኅበር ስብሰባ ነበር፤ ዳሩ ግን በመሪ የሚደረግ የአንድ ቀን ጉዞ ንግድ ሆኖ የተስፋፋው ከዚህ በኋላ ነው ይባላል። በ1863 እ.ኤ.አ. ይኸው ሰው መንገደኞቹን እስከ ስዊስ ተራሮች አደረሳቸው። በ1871 እ.ኤ.አ. ወደ ሪጊ ተራራ የሚወጣ ባቡር ተሠራ፤ ስለዚህም በጧት ከከተማ የተነሣ ሰው ተራራ ላይ ምሳውን በልቶ ለማታ ቤቱ መግባት ቻለ። በህንድም እንግሊዞች የሜዳውን ሙቀት ሽሽት በ1864 እ.ኤ.አ. ሲምላን የበጋ ዋና ከተማቸው አደረጉት።

በአገራችን ግን ነገሩ ሌላ ነበር። የጐጃም ከተሞች ራሳቸው በደጋና በወይና ደጋ ላይ ስለ ተሠሩ ሰው ቀዝቃዛ አየር ፍለጋ ወደ ተራራ መውጣት አላስፈለገውም። ለእኛ ተራራ ማረፊያ ሳይሆን መሸሸጊያ፥ መጸለያና መዋጊያ ነበር። ይህንንም የኢጣልያ ወረራ ዘመን ታሪክ ያስረዳል። ከ1928 እስከ 1933 ዓ.ም. የቢቸና አርበኞች በነበላይ ዘለቀ መሪነት ጠላትን ዕረፍት ነስተውት ኖረዋል፤ ኀይላቸውም ከጀግንነታቸው ጋር አገሩን፥ ማለት ቀበቱንና ገደሉን፥ ማወቃቸው ነበር። ከሞጣ በታች ዓባይ ላይ ያለው ድልድይ ስሙ የወጣለት በዚያ ዘመን ነው። በዐፄ ፋሲለደስ ዘመነ መንግሥት እንደ ተሠራ የሚነገርለትን ይህን የድንጋይ ድልድይ የጠላት ጦር እንዳይሻገርበት አርበኞች ሰበሩትና «ሰባራ ድልድይ» ተባለ። ከዚያ በኋላ ለብዙ ዓመታት የጐጃምና የበጌምድር ሰው በገመድ እየተሳበ ከጫፍ ወደ ጫፍ ይሻገር ነበር። በ1994 ዓ.ም. ገደማ የተሰበረው ቦታ በብረት ተጠገነ፤ ጥቂት ዓመታት ሳይቈይ ጎርፍ ወሰደው፤ ኋላም በ2001 ዓ.ም. ገደማ ተንጠልጣይ የእግረኛ ድልድይ ተሠራ። ከጮቄ የሚወርደው ውሃ ምን ያህል ኀይል እንዳለው ለማወቅ የሚፈልግ ሰው ይህን ድልድይ ይመልከት።

ከዚህም ሌላ አንድ ታሪክ መታወስ አለበት። በ1960 ዓ.ም. አዲስ የእርሻ ገቢ ግብር በታወጀ ጊዜ የሞጣና የቢቸና ገበሬ «ይህ ርስታችንን ለመለካትና ለመውሰድ ነው» ብሎ ተነሣ፤ መንግሥትም ጦር ላከበት፤ በመጨረሻም ግብሩ በጐጃም ሳይሰበሰብ ቀረ። ይህን እዚህ የጠቀስነው ያለ ምክንያት አይደለም። ደብተርና እርሳስ ይዞ፥ ወዲያና ወዲህ እየተመለከተ ወደ ቀዬው የሚወጣ እንግዳ ለደጋው ገበሬ ብዙ ጊዜ መልካም ነገር አምጥቶለት አያውቅም። ዛሬም ጐብኚ በእርሻው መካከል ቆሞ ፎቶግራፍ ሲያነሣ ሽማግሌው «ምን ሊሆን ነው?» ብለው ቢጠይቁ፥ ጥያቄው ከድንቁርና ሳይሆን ከታሪክ የመጣ መሆኑን መረዳት ይገባል። የመሪውም ትልቁ ሥራ መንገድ ማሳየት ብቻ አይደለም፤ እንግዳውን ለባለ አገሩ፥ ባለ አገሩንም ለእንግዳው ማስተዋወቅ ነው።

አገር መጐብኘት በመንግሥት ደረጃ ሥራ ሆኖ የተያዘው በ1950ዎቹ ዓ.ም. መጀመሪያ በአቶ ሀብተ ሥላሴ ታፈሰ የሚመራ የቱሪስት ድርጅት ሲቋቋም ነው፤ «የ13 ወር ፀጋ» የሚለው መፈክርም የእርሳቸው ነው። በዚያ ዘመን ግን ጐብኚ ሁሉ የሚመራው ወደ አክሱም፥ ወደ ላሊበላ፥ ወደ ጐንደርና ወደ ጢስ ዓባይ ነበር። ከተራሮችም የሰሜን ተራሮች በ1962 ዓ.ም. ብሔራዊ ፓርክ ሆኑ፤ በ1978 እ.ኤ.አ. በዓለም ቅርስነት ተመዘገቡ። ጮቄ ግን የንጉሥ ግንብ ወይም ዋልያ ስለሌለው ብዙ ዘመን ተረስቶ ኖረ። በመጨረሻ በ2015 ዓ.ም. የተባበሩት መንግሥታት የዓለም ቱሪዝም ድርጅት ከልዩ ልዩ አገሮች ለጉብኝት የተመሰገኑ 32 መንደሮችን ሲመርጥ በጮቄ ተራሮች ያለው የሥነ ምኅዳር መንደር አንዱ ሆኖ ተገኘ። ይህ ለምሥራቅ ጐጃም ታላቅ ክብር ነው።

አሁን ስለ ጉዞው ራሱ እንናገር። ከደብረ ማርቆስ በሮብ ገበያ በኩል ተራራውን አቋርጦ በድጓ ጽዮን አድርጎ ወደ ሞጣ የሚወርድ መንገድ አለ። ከሞጣ የሚነሣ ሰው 1600 ሜትር ያህል ወደ ላይ ይወጣል። አየር በየ1000 ሜትሩ ስድስት ዲግሪ ገደማ ስለሚቀዘቅዝ፥ ሞጣ ላይ በሸሚዝ የነበረ ሰው ጫፉ ላይ አሥር ዲግሪ የሚያህል ብርድ ይጨመርበታል ማለት ነው። ስለዚህ ጋቢ ወይም ካፖርት ሳይዙ መውጣት አይገባም፤ አየሩም ስለሚሳሳ በዝግታ መራመድ ያስፈልጋል። ክረምት ለጉዞ አይሆንም። ከጥቅምት እስከ የካቲት ያለው ጊዜ ሰማዩ ጥሩ ነው፤ ሌሊቱ ግን ውርጭ አለበት።

በመንገድ ላይ የሚታየው በሥርዓት የተደረደረ መጽሐፍ ይመስላል። በታች የጤፍና የስንዴ ማሳ፥ ከፍ ሲል ቀርከሃና ኮሶ፥ ከዚያም የገብስ፥ የእንግዶና የድንች እርሻ፥ ከዚያ በላይ አስታና አመጃ፥ በመጨረሻም ጓሳና ከሰው ቁመት በላይ የሚያድገው ጅብራ ይመጣሉ። ጥሩ መሪ እነዚህን በስማቸው እየጠራ ጓሳው ለቤት ክዳንና ለገመድ፥ ቀርከሃው ለቅርጫትና ለአጥር፥ ኮሶው ለመድኀኒት እንዴት እንደሚውል ያስረዳል። መሪ የሌለው ጐብኚ ግን ሣር አየሁ ብሎ ይመለሳል።

ነገር ግን ይህ መጽሐፍ ገጾቹ እየተቀደዱ ነው። ሕዝብ በበዛ መጠን እርሻው ወደ ላይ እየወጣ፥ አስታው ለማገዶ እየተቈረጠ፥ ጓሳው በከብት እየተጋጠ ሄዷል። አፈሩ በየክረምቱ ታጥቦ ወደ ዓባይ ይወርዳል፤ የታጠበውን አፈር ደግሞ ማንም መልሶ ሊያመጣው አይችልም። በገበሬው ላይ መፍረድ ቀላል ነው፤ ሌላ መሬት የሌለው ሰው ግን ልጆቹን የሚያበላው ካለው መሬት ነው። እዚህ ላይ ነው የአንድ ቀን ጉዞ ከጨዋታነት የሚያልፈው። ጐብኚው የሚከፍለው ገንዘብ ለመሪው፥ ለበቅሎ አከራዩ፥ ጠላና የገብስ ቂጣ ለምታቀርበው እናት፥ ቅርጫት ለሚሠራው ሽማግሌ ከደረሰ፥ ጓሳውን መጠበቅ ከማረሱ የተሻለ ጥቅም እንዳለው ይታያል። ገንዘቡ በከተማ ቀርቶ ለተራራው ሰው አቧራው ብቻ ከተረፈለት ግን ጉብኝቱ ተራራውን ከሚያጥበው ጎርፍ አይሻልም።

በሻሞኒ የተራራ መሪዎች ማኅበር የተቋቋመው በ1821 እ.ኤ.አ. ነው፤ ምክንያቱም ባለፈው ዓመት ሦስት መሪዎች በሞን ብላን ተራራ በበረዶ ናዳ ሞተው ስለ ነበር የመሪውን ቤተ ሰብ የሚረዳ ሥርዓት አስፈለገ። የጮቄም መሪዎች ተራ፥ ዋጋና መረዳጃ ያለው ማኅበር ቢኖራቸው ጉዞው ለጐብኚውም ለእነርሱም የታመነ ይሆናል። ለዚህ ሁሉ ግን ሰላም ይቀድማል። ከ2015 ዓ.ም. መጨረሻ ጀምሮ በክልላችን የተነሣው ጦርነት መንገደኛን አስቀርቷል፤ ክብሩን ባገኘንበት ዓመት እንግዳው ራቀ።

እንግዲህ ወጣቶች ሆይ፥ ለእኛ የሚቀርበን ሥራ አለ። ነጋዴው ጮቄን ለትርፍ፥ የቆሎ ተማሪው ለዕውቀት፥ አርበኛው ለነጻነት አወቁት። እኛ ደግሞ እንዲኖር ልናውቀው ይገባል። የዕፀዋቱን ስም ከአባቶች ጠይቀን በደብተራችን እንጻፍ፤ የምንጮቹን ስም እንሰብስብ፤ ወደ ተራራው በወጣን ጊዜ አንድ ጅብራ እንኳ ሳንሰብር እንውረድ፤ የሚመራንንም ሰው ስሙን ጠይቀን እንመዝግብ፤ የቀድሞዎቹ መሪዎች ስም ሳይጻፍ ቀርቷልና። የቢቸናና የሞጣ ልጅ የጮቄ መሪ ለመሆን ከማንም ይልቅ የተገባ ነው፤ ዳሩ ግን ሌላውን ለመምራት አስቀድሞ ራሱ መንገዱን ማወቅ አለበት።