የኮሶ ሻጭ ልጅ አገር

ቋራ፣ ገለጉ ላይ የኮሶ ዛፍ አይበቅልም። ኮሶ ደጋ ይወዳል፤ የእኛ ቆላ የሰሊጥና የጥጥ አገር ነው። አያቴ ግን ከወገራ ወደ ቋራ ስትወርድ በጨርቅ ቋጥራ ያመጣችው ኮሶ ነበራት። ሲያልቅባት፣ ወደ ደጋ የሚወጣ ዘመድ ባገኘች ቁጥር «አደራ፣ ቀዩን» ትለው ነበር። ቀዩ የሴቴዋ ዛፍ አበባ ነው።

ዛፉም ኮሶ፣ መድኃኒቱም ኮሶ፣ ሆድ ውስጥ የሚኖረው ትልም ኮሶ ነው። ትሉ እንደ ሪባን ጠፍጣፋ ሲሆን ከ4 እስከ 10 ሜትር ይረዝማል። አፍም አንጀትም የለውም፤ ምግቡን በቆዳው ይመጥጣል። ከብት እንቁላሉን ከሣር ጋር ይበላል፣ እጩ ሥጋው ውስጥ ይሸሸጋል፣ እኛም ቁርጡን በአዋዜ እንበላለን።

አጎቴ ሲጠጣ ብዙ ጊዜ አይቻለሁ። አያቴ አበባውን ማታ በሙቀጫ ትወቅጣለች፣ በእፍኟ ትለካለች፣ በቅል ውሃ ዘፍዝፋ ታሳድራለች። ጎህ ሲቀድ እሱ በባዶ ሆዱ፣ አፍንጫውን ይዞ ይጨልጠዋል። ከዚያ ጓሮ ይወጣል፤ እሷም እንጨት ይዛ ትከተለዋለች። የዱባ ፍሬ የሚያካክሉ ነጫጭ ቁርጥራጮችን እየገለባበጠች የምትፈልገው አንድ ነገር ነበር። «ራሱ ወጥቷል?» ራሱ ከቀረ ትሉ እንደገና ያድጋል፤ ሰው በየሁለት ወሩ ይጠጣ የነበረውም ለዚህ ነው።

ኮሶ የጠጣ ሰው የዚያን ቀን እንግዳ አይቀበልም ነበር፤ አሽከርም ከሥራ ይቀር ነበር። ስኮትላንዳዊው ተጓዥ ጀምስ ብሩስ ጎንደር ከርሞ እ.ኤ.አ. በ1772 በእኛው ቆላ አድርጎ ወደ ስናር ሲሄድ የዚህን ዛፍ ወሬ ይዞ ሄዷል፤ በ1790 ባሳተመው መጽሐፉም ጽፎታል። በ19ኛው ክፍለ ዘመን አበባው በአውሮፓ መድኃኒት ቤቶች ይሸጥ ነበር።

እዚህ ግን መሸጡ ስድብ ሆነ። የቋራው ካሳ፣ የኋላው አፄ ቴዎድሮስ፣ በ1811 ዓ.ም. ተወለዱ። እናታቸው ወይዘሮ አትጠገብ ከባላቸው ከተለዩ በኋላ ተቸግረው ጎንደር ላይ ኮሶ ይሸጡ ነበር ይባላል። እውነት ይሁንም አይሁን፣ ጠላቶቻቸው ካሳን «የኮሶ ሻጭ ልጅ» ብለው አዋረዷቸው። እኔ ይህ ስድብ እስከ ዛሬ ያንገበግበኛል። ስድቡን የሚወረውሩት መኳንንት ራሳቸው በየሁለት ወሩ ጠጪ ነበሩ። አያቴም «ከማን ገዝተው ነው የጠጡት?» ትል ነበር።

ደጃዝማች ወንድይራድ ያንን የኮሶ ሻጭ ልጅ ይዤ አመጣለሁ ብሎ ፎከረ። ከዘመኑ ገዥ ከእቴጌ መነን ዘንድ ተልኮ ዘመተ፤ ተሸነፈ፤ ተማረከ። ካሳም፣ እናቴ ገበያ አውጥታ ያልተሸጠላት ነው ብለው ኮሶ አጠጡት ይባላል። ቋራ ውስጥ ይህ ሲተረክ ቤቱ በሳቅ ይሞላል።

አያቴ አትስቅም ነበር። ኮሶ ሲበዛ ዓይን ያጠፋል፣ ሰውም ይገድላል። ተራኪው እስኪጨርስ ጠብቃ የምትጠይቀው ሁልጊዜ አንድ ነበር፦

«ስንት እፍኝ አጠጡት?»